የማዳሉ ሰው፦ ስለ ራንጂት ጋዝመር የፊልም ሙዚቃ

የፊልም ሙዚቃ በተነሣ ቁጥር ከመካከላችን አንዱ «ከአገር ውጭ የተቀዳ ዜማ የሕዝብ ዜማ አይባልም» ማለቱ አይቀርም። ነገሩ እንዲያው የሚናቅ አይደለም። እኛ ግን ከመፍረዳችን በፊት አንድ ሰው እንመርምር፤ የኔፓል ሲኒማ የሙዚቃ ደራሲ የሆነውን ራንጂት ጋዝመርን። (ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ጋዝመር በ1941 ዳርጂሊንግ ተወለደ። ዳርጂሊንግ በህንድ ግዛት ያለች የተራራ ከተማ ትሁን እንጂ አብዛኛው ሕዝቧ የሚናገረው ኔፓልኛ ነው። እንግዲህ ሰውየው ከመነሻውም «አገርህ ወዴት ነው?» ለሚል ጠያቂ አይመችም። ኋላ ቦምቤይ ወርዶ ለራህል ዴቭ በርማን ማዳል መቺ ሆነ። ማዳል ከተቦረቦረ እንጨት የሚሠራ፣ በሁለት ወገን ቆዳ የተወጠረበት፣ ጭን ላይ አጋድመው በሁለት እጅ የሚመቱት የኔፓል ከበሮ ነው። አንዱ አፉ ከሌላው ስለሚሰፋ ወፍራምና ቀጭን ድምፅ ይሰጣል። በ1971 ዴቭ አናንድ በሠራው «ሀሬ ራማ ሀሬ ክሪሽና» ውስጥ «ካንቺ ሬ ካንቺ ሬ» ለተባለው ዘፈን የኔፓል ለዛ የሰጠው የርሱ ማዳል ነው። ዝናው ግን የዘፋኞቹ የኪሾር ኩማርና የላታ ማንጌሽካር፣ እንዲሁም የበርማን ሆነ። የመቺውን ስም ማን ይጠይቃል? የህንድ ፊልም አይተን ስንወጣ እኛስ መቼ ጠይቀን እናውቃለን!

የኔፓል ሲኒማ ከቦምቤይና ከካልካታ መበደር የጀመረው በርሱ አይደለም። ለ«አማ» (1964) የካልካታው ባልሳራ፣ ለ«ማይቲጋር» (1966) የቦምቤዩ ጃይዴቭ ዜማ ደርሰዋል። እርግጥ እንደ ናቲ ካጂ ያሉ የአገሩ ልጆችም ለፊልም ሠርተዋል። ጋዝመር ያመጣው ለውጥ ሌላ ነው። ከዳይሬክተሩ ከቱልሲ ጊሚሬ ጋር «ሳምጃና»ን (1983)፣ «ኩሱሜ ሩማል»ን (1985)፣ ከኡግየን ቾፔል ጋር ደግሞ «ሳይኖ»ን (1987) ሲሠራ፣ ትናንት ለሰው ዜማ ቅመም ሆኖ የተጨመረው ምት አሁን የዜማው መሠረት ሆነ።

ሁሉንም ግን አናወድስም። በፍቅር ዘፈኖቹ አንዳንድ ቦታ ቫዮሊኑ እንደ ክረምት ጎርፍ ይመጣና ማዳሉን ይዞት ይሄዳል። ምን አስቸኮለው ያሰኛል። የቦምቤይ ስቱዲዮ ልማድ እጁ ላይ ቀርቶበታል።

ከሁሉ በላይ የሚያከራክረን «ላሁሬ» (1989) ነው። ላሁሬ ማለት ለባዕድ ጦር ተቀጥሮ ከመንደሩ የሚወጣ የኔፓል ሰው ነው፤ ቃሉ የመጣው ከላሆር ከተማ ነው፣ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የተራራው ወጣቶች ለራንጂት ሲንግ ጦር ሊቀጠሩ ይሄዱባት ከነበረችው። ታዲያ ጋዝመር ራሱ ማን ነው? በጠመንጃው ፈንታ ማዳል ስጡት፣ ያው ላሁሬ ነው! እጁን ቦምቤይ አከራይቶ፣ የተማረውን ይዞ ለኔፓልኛ ፊልም ዜማ የሠራ። የሄደውን ሰው ናፍቆት ለመድረስ ከርሱ የተሻለ ማን ይገኝ ነበር? ያ ወዳጃችን «ከውጭ ተቀዳ» ብሎ ሲያወግዘው ላሁሬውን ለምን ከመንደርህ ወጣህ ብሎ እንደ መክሰስ ነው፤ ያወጣው ምን እንደሆነ ሳይጠይቅ።

የቫዮሊኑን ነገር ግን እኛም አንምረውም።