ዳኛው ማንን ሰማ? በጃፓን የሕፃናት ጥበቃ ሕግ ላይ የቀረበ ትችት

በጃፓን አገር በቤቱ ጕዳት ያገኘዋል ተብሎ የተፈራለት ሕፃን ከወላጆቹ ተለይቶ በጊዜያዊ ጥበቃ ሥር ሲውል፥ እ.ኤ.አ. በ1947 በወጣው ሕግ መሠረት የሚወስነው የሕፃናት ጉዳይ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ ብቻ ነበር። በ2022 የተሻሻለውና ከጁን 1 ቀን 2025 ጀምሮ የጸናው ሕግ ግን፥ ወላጅ ካልተስማማ ኃላፊው በሰባት ቀን ውስጥ የዳኛ ትእዛዝ እንዲጠይቅ ያስገድዳል። ይህ መልካም ነው፤ ዘገየ እንጂ።

ነገር ግን ዳኛው የሚመለከተው ምንድን ነው? ሕፃኑን የወሰደው ጽሕፈት ቤት ራሱ ያዘጋጀውን ወረቀት ነው። ወላጆቹ ችሎት አይጠሩም፤ የሚሉት ቢኖራቸው የሚደርሰው በዚያው ጽሕፈት ቤት በኩል ነው። የልጁም ቃል እንደዚሁ። ይባስ ብሎ፥ ዳኛው ቢከለክል ጽሕፈት ቤቱ የልጁ ሕይወት ወይም አካል ለከባድ አደጋ ይጋለጣል ብሎ በሦስት ቀን ውስጥ ክልከላውን መቃወም ይችላል፤ ዳኛው ቢፈቅድ ግን ወላጅ በትእዛዙ ላይ ይግባኝ የለውም።

የተደበደበ ልጅ ቀጠሮ አይጠብቅም ይሉናል። እውነት ነው፤ ለመውሰዱ። ልጁ ከተወሰደ በኋላ ለሚጠየቀው ትእዛዝ ግን ይህ ምክንያት አይሆንም። ስለዚህ ዳኛው ወላጆቹንና ልጁን፥ ልጁ እንዳይፈራ ለየብቻ፥ በቃል እንዲሰማ የሚያዝ አንቀጽ ይጨመር እንላለን።