የዓሣ አጥማጆቹ መሪ፤ ስለ «ሳልካ ቫልካ» መጽሐፍ

የአይስላንዱ ደራሲ ሃልዶር ላክስነስ «ሳልካ ቫልካ» የተባለውን ልብ ወለድ ታሪክ በሁለት ክፍል፥ በአውሮፓ ዘመን አቆጣጠር በ1931 እና በ1932 አሳተመ። ኋላም በ1955 ስለ ድርሰቶቹ የኖቤልን ሽልማት ተቀበለ። የታሪኩ ነገር በአጭሩ እንዲህ ነው፤ አንዲት ድኻ ልጅ ከእናቷ ጋር ኦሴይሪ ወደምትባል የዓሣ አጥማጆች መንደር ትመጣለች፤ ዓሣ እያጠበች ታድጋለች፤ ከጀልባ ድርሻ ካገኘች በኋላ የአጥማጆች ማኅበር መሪ ትሆናለች።

ደራሲው የመሪነትን ነገር የሚጀምረው ከሱቅ መዝገብ ነው። የመንደሩ ባለጠጋ ቦገሰን ዓሣውን የሚገዛ እርሱ፥ ለኑሮ የሚያስፈልገውን ዕቃ የሚሸጥም እርሱ ነው። ስለዚህ የሠራተኛው ድካም በመዝገብ ይጻፋል እንጂ ገንዘብ ሆኖ ከእጁ አይገባም። የድካሙን ዋጋ ሌላ የሚቈጥርለት ሰው በጉባኤ መካከል ቃሉን ለማሰማት ይፈራል። ሳልካ ግን ከልጅነቷ ጀምሮ የራሷን ዋጋ በራሷ እጅ ለመያዝ ስለ ታገለች፥ በሰው ፊት ለመናገር አላፈረችም።

ድር ቢያብር አንበሳ ያስር እንደሚባለው፥ ጀልባ ያላቸው አጥማጆች ተባብረው በነጋዴው ፊት ቆሙ። ጀልባ የሌለው የቀን ሠራተኛ ግን ከድሩ ውጭ ቀረ። ይህን ጉድለት የሚገልጠው በልጅነቷ ንባብ ያስተማራት አርናልዱር ነው። እርሱ ተምሮ ሲመለስ የኮሙኒስቶችን ትምህርት ይዞ ይመጣል፤ ሠራተኞችን ያደራጃል፤ ሥራም ያስቆማል። ደራሲው ሁለቱን በሚዛን አስቀምጦ ለማንም አያደላም። አርናልዱር ድኾችን ሁሉ በጅምላ ይወዳል፤ እያንዳንዱን በስሙና በችግሩ የምታውቀው ሳልካ ናት።

መጽሐፉ የሚነቀፍበትም ነገር አለ። በሁለተኛው ክፍል የሳልካ አሳብ ወደ አርናልዱር ያዘነበለው በክርክር ተረትታ ይሁን ወይም በፍቅር ተሸንፋ፥ ለአንባቢ በደንብ አልተለየለትም። የዓሣውን ዋጋ እስከ ሳንቲም ታሰላ የነበረች ሴት ይህን አዲስ ትምህርትም በዚያው ጥንቃቄ ስትመዝነው መታየት ይገባት ነበር። ደራሲው የልቧን ምሥጢር አብዝቶ ሲጽፍ፥ የመሪነቷን ሥራ አሳንሶታል።

ነገር ግን ፍጻሜው ይህን ጉድለት በብዙ ይክሰዋል። የአርናልዱር ምኞት ወደ አሜሪካ ሲያዘነብል፥ ለመንገዱ የሚሆነውን ገንዘብ የምትሰጠው ሳልካ ራሷ ናት። ሕዝቡን የቀሰቀሰው ሰው በመርከብ ይሄዳል፤ እርሷ ከባሕሩ ዳር፥ ከዓሣውና ከጎረቤቶቿ ጋር ትቀራለች። ደራሲው ፍርድ ሳይሰጥ ነገሩን በዚህ ይዘጋዋል። ስለ ሕዝብ ለመናገር የሚሻ ሁሉ ይህን መጽሐፍ ቢያነብ፥ ጉባኤው ከተበተነ በኋላ ከማን ጋር እንደሚኖር ራሱን ሳይጠይቅ አያልፍም።