በ16 ቀለም የተሣለ ሌሊት

ሉካስፊልም ጌምስ በ1987 ማርክ ፌራሪን ሲቀጥረው የሠዓሊው መሣሪያ ባለቀለም እርሳስ ነበር (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ፌራሪ ምናባዊ ዓለማትን በወረቀት ላይ፣ ቀለምን በቀለም ላይ እየደረበ የሚሥል ሰው ነበር፤ በኮምፒውተር የመሣል ልምድ አልነበረውም። የ«ስታር ዋርስ» ፈጣሪ የጆርጅ ሉካስ ኩባንያ የጨዋታ ክፍል የሰጠው አዲሱ ወረቀት ወርዱ 320፣ ቁመቱ 200 ነጥብ የሆነ ማያ ገጽ ሲሆን፣ ቀለሞቹም 16 ብቻ ነበሩ።

እነዚያን ቀለሞች የመረጣቸው ሠዓሊ አልነበረም። ኢ.ጂ.ኤ. በተባለው የዘመኑ የማሳያ ሥርዓት አስቀድመው የተወሰኑ፣ ብዙዎቹም ዓይን የሚወጉ ነበሩ። የሰው ፊት የሚሣልበት ቀለም የላቸውም፤ የምሽት ሰማይም እንዲሁ። ፌራሪ ወደ እርሳሱ ዘዴ ተመለሰ። ሁለት ቀለማት በጣም ተቀራርበው ሲሰለፉ ዓይን ሦስተኛ ቀለም ፈጥሮ እንደሚያይ ያውቃልና ሰማያዊና ጥቁር ነጥቦችን እያፈራረቀ በገበታው ላይ ያልነበረ ጥልቅ ሌሊት አወጣ። ዘዴው ዲተሪንግ ይባላል። እንቅፋት የሆነበት የውበት ጥያቄ ሳይሆን የቦታ ቁጠባ ነው። እንዲህ የተበተኑ ነጥቦች ፋይሉ በቀላሉ እንዳይታመቅ ያደርጋሉ፤ ጨዋታው ደግሞ በጥቂት ዲስኬቶች ላይ መግባት አለበት። ስለዚህ ሠዓሊዎቹ ከዘዴው እንዲርቁ ይነገራቸው ነበር። ፌራሪ ሠርቶ አሳየ፤ ያዩትም ወደዱት፤ ፕሮግራመሮቹም ማመቂያውን አሻሻሉ። ሠዓሊ መሣሪያውን እንደተሰጠው ከመቀበል አልፎ መሣሪያው እንዲለወጥለት ያደረገበት አጋጣሚ በዚህ ሙያ ታሪክ ብዙ አይደለም።

የዘዴው ፍሬ በ1990 የወጣው «ሉም» ነው። የብራያን ሞሪያርቲ ድርሰት የሆነው ይህ ጨዋታ ስለ ሸማኔዎች ማኅበር የሚተርክ ሲሆን፣ ጀግናው በአራት በአራት ድምፅ ድግምት የሚሸምን ወጣት ነው። ለአማርኛ አንባቢ ይህ እንግዳ አይሆንም። «ጥበብ» የሚለው ቃላችን የኪነት ስም ነው፤ የቀሚስ ጠርዝም ስም ነው። የፌራሪ ሥዕልም በእርግጥ እንደ ሽመና ነው፦ ቀለሙ የተቀባ ሳይሆን በድርና ማግ የተጠላለፈ ይመስላል። በመክፈቻው ትዕይንት ወጣቱ በገደል አፋፍ ላይ ይቆማል፤ አጠገቡ ካለው ዛፍ የመጨረሻዋ ቅጠል ትረግፋለች። ሠዓሊው ደማቆቹን ቀለሞች ገሸሽ አድርጎ በሰማያዊ፣ በአረንጓዴና በጥቁር ስለተወሰነ፣ መላው ዓለም ከውኃ በታች ያለ ያህል ቀዝቃዛና አስፈሪ ይሆናል። ጨዋታው በኋላ በ256 ቀለም ተሻሽሎ ወጥቷል። ያኛው ለስላሳ ነው፤ ፍርሃቱ ግን ቀንሷል። ሌሊቱ ብርሃን ገባበት።

በዚያው ዓመት በወጣው የሮን ጊልበርት «ዘ ሲክረት ኦፍ መንኪ አይላንድ» ውስጥም የፌራሪ እጅ አለበት። ከዚያ በኋላ ግን በግሉ የሚሠራ፣ ዛሬ ፍሪላንሰር የሚባለው ዓይነት ባለሙያ ሆነ። የዚህ ኑሮ ሕግ የታወቀ ነው፦ ሥራው የአዘዘው ነው፤ የሠዓሊውም ስም እንደ ተርጓሚ ስም በትንሽ ፊደል ይጻፋል፣ ከተጻፈ።

ከእነዚህ ዓመታት ትልቁ ሥራው፣ የሚገርመው፣ ጨዋታ እንኳን አይደለም። በ1994 «ሲዝ ዘ ዴይ» ለተባለ የቀን መቁጠሪያ ፕሮግራም የሠራቸው የመልክዐ ምድር ሥዕሎች ናቸው። ምስጢራቸውን ለመረዳት ያኔ ሥዕል በኮምፒውተር እንዴት ይቀመጥ እንደነበር ማወቅ ያሻል። እያንዳንዱ ነጥብ የሚይዘው ቀለም ሳይሆን ከ0 እስከ 255 ያለ ቁጥር ነው፤ ቁጥሩ ምን ቀለም እንደሆነ የሚናገረው ለብቻው የተቀመጠ የቀለም ገበታ ነው። ገበታው ሲለወጥ፣ አንዲት ነጥብ ሳትነካ ሥዕሉ በሙሉ ይለወጣል። ፌራሪ የፏፏቴውን ውኃ በተከታታይ ቁጥሮች ሥሎ ቀለሞቹን በገበታው ላይ አንድ አንድ እርምጃ ያሸጋግራቸዋል፤ ውኃውም ይወርዳል። ዝናቡ፣ በረዶው፣ ጭሱም እንዲሁ። ከዚህ ያለፈው ደግሞ ሰዓቱን መሣሉ ነው። የንጋቱን ገበታ ቀስ በቀስ በቀትሩ፣ የቀትሩን በምሽቱ እየተካ፣ ያው አንድ ሥዕል የ24 ሰዓት ብርሃን እንዲያልፍበት አደረገ። 640 በ480 ነጥብ የሆነ ሥዕል 307,200 ባይት ይፈጃል፤ አንድ ተጨማሪ ገበታ ግን 768 ባይት ብቻ ነው። ሙሉ ቀን በዚህ ዋጋ ይገዛል። ይህን የሚሠራ ሰው ግን አንዷን ነጥብ ሲያስቀምጥ በንጋትም፣ በቀትርም፣ በእኩለ ሌሊትም ምን እንደምትመስል አስቀድሞ ማየት ይኖርበታል።

ሆኖም ሥዕሎቹን ማድነቅ ጉድለታቸውን ከማየት አያግድም። ብዙዎቹ ወደ ፖስት ካርድ ያዘነብላሉ፤ ፏፏቴው ንጹሕ፣ ጨረቃዋ ሙሉ፣ የፈረሰው ቤተ መንግሥትም ያማረ ፍርስራሽ ነው። ሰው የለባቸውም ማለት ይቻላል። «ሉም» ውስጥ ጨለማው የሚጠብቀው ነገር ነበረው፤ በቀን መቁጠሪያው ግን ጨለማው ጊዜውን ጠብቆ ብቻ ይመጣል። ታሪክ የሌለው ሥዕል ለደንበኛ ይመቻል፤ ሠዓሊውን ግን ብቻውን ይተወዋል።

የሥዕሎቹ ዕጣ ግን ከዚህ የከፋ ነበር። ማሽኖች ሚሊዮኖች ቀለማትን ማሳየት ሲጀምሩ የቀለም ገበታ ራሱ አላስፈላጊ ሆነ፤ ገበታ ከሌለ የፌራሪ ውኃ አይወርድም፣ ቀኑም አይመሽም። ሠዓሊው በ2007 «ዘ ቡክ ኦፍ ጆቢ» የተሰኘ ልቦለድ አሳተመ። በ2010 ጆ ሃካቢ የተባለ ፕሮግራመር የጠፋውን ገበታ በኢንተርኔት ማሰሻ ውስጥ በአዲስ ኮድ እንደገና ሲሠራው ሥዕሎቹ ተንቀሳቀሱ፤ ቀን መቁጠሪያውን ሰምተው የማያውቁ ተመልካቾችም አገኟቸው። ይህ ከትርጉም ሥራ የተለየ አይደለም። ድርሰቱ ተጽፎበት የነበረው ቋንቋ ሞቷል፤ የተረፈው ሌላ ሰው ሕይወት ባለው ቋንቋ ስለመለሰው ነው። የዘይት ሥዕል ግድግዳ ላይ ተረስቶ ሊቆይ ይችላል። እንዲህ ያለው ሥዕል ግን ተረስቶ መቆየት አይችልም፤ በየጊዜው የሚተረጉመው ይሻል።

ፌራሪ በ2016 ዘዴውን በጨዋታ ሠሪዎች ዓመታዊ ጉባኤ ላይ አስተማረ፤ ከሮን ጊልበርት ጋርም ዳግም ተገናኝቶ በ2017 የወጣውን የ«ቲምብልዊድ ፓርክ»ን የጀርባ ሥዕሎች ሠራ። ታሪኩ የሚፈጸመው እሱ ከወረቀት ወደ ማያ ገጽ በተሻገረበት በ1987 ነው። እጁ ከቀድሞው የበለጠ የሠለጠነ መሆኑ በመንገድ መብራቶቹና በጭጋጉ ይታያል። ይሁን እንጂ የሚሊዮን ቀለም ባለቤት ሆኖ ጥቂቱን መምረጥ፣ 16 ብቻ ኖሮት ሌሊትን ከመፍጠር ጋር አንድ አይደለም። በአዲሱ ሥራ ነጥቦቹ ትዝታ ናቸው፤ ተመልካቹ ያውቃቸዋል፣ ፈገግም ይላል። «ሉም»ን ዛሬ ለሚከፍት ሰው ግን ነጥቦቹ አይታዩትም፤ የሚታየው ገደሉ፣ ከገደሉ በታች ያለው ጨለማና ቅጠሏ ናት።