ከመስኮቱ ውጭ የቆመችው

ስለ ባቡር የሚጻፍልን ነገር አብዛኛውን ጊዜ የምረቃ ንግግር ይመስላል። ባቡር እድገት ነው፣ ባቡር ተስፋ ነው፣ በቃ። ጣቢያ ላይ ተቀምጦ ስለሚጠብቀው ሰው ግን ብዙም አላነበብኩም።

ወልዲያን እንውሰድ። ከአዋሽ ተነስቶ በኮምቦልቻ በኩል ሀራ ገበያ እንዲደርስ የታቀደው መስመር 390 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ግንባታው እ.ኤ.አ. በ2015 ተጀመረ፤ መደበኛ የመንገደኛ ባቡር ግን እስካሁን አልመጣም። ታዲያ ባቡር በሌለበት የጣቢያ ሥነ ጽሑፍ ከየት ይመጣል የሚል አይጠፋም።

እኔ «አድልስትሮፕ»ን አንብቡ እላለሁ። እንግሊዛዊው ገጣሚ ኤድዋርድ ቶማስ የተሳፈረበት ባቡር እ.ኤ.አ. በሰኔ 1914 አንዲት የገጠር ጣቢያ ላይ ሳይታሰብ ይቆማል። ግጥሙ ይኸው ነው፦ ሙቀት፣ ባዶ ጣቢያ፣ የወፍ ድምፅ። ከሳምንታት በኋላ አንደኛው የዓለም ጦርነት ፈነዳ፤ ቶማስም በ1917 አራስ ላይ ተገደለ። ይህን የሚያውቅ አንባቢ ያቺን ጸጥታ እንደ ዋዛ አያልፋትም። ጣቢያው በ1966 ተዘጋ፤ የስሙ ሰሌዳ ዛሬ ያለው የመንደሩ አውቶብስ መጠበቂያ ውስጥ ነው። እና ግጥሙ የሚያስፈልገው ሐዲድ ሳይሆን መቆም ነበር ማለት ነው። መቆም ደግሞ እኛ ጋ ሞልቷል፤ መናኸሪያ ሂዱና እዩ።

ግን ቶማስን እንዳለ መቅዳት አያዋጣም። የሱ ዓይን ያለው ከመስኮቱ ውስጥ ነው። መርሳ ላይ አውቶብስ ሲቆም ታሪኩ ውጭ ነው ያለው፦ ፓፓያና ብርቱካን ይዛ ወደ መስኮቱ የምታንጋጥጠው ልጅ ጋ። ተሳፋሪው አንዴ አይቷት ይረሳታል። እሷ ግን በቀን ስንቱን ፊት ታያለች! ማን ሳይከራከር እንደሚገዛ፣ ማን መርዶ ሰምቶ እንደሚጓዝ ገና ከሩቁ ትለያለች። ይህን እውቀት የያዘ ልብ ወለድ ነው የናፈቀኝ።

ነገሩ የአጻጻፍ ምርጫ ብቻ አይደለም። ወልዲያ የመቀሌ፣ የላሊበላና የአፋር መንገዶች የሚገናኙባት ከተማ ናት፤ ጦርነቱም አልፎባታል። ከዚያ ወዲህ የማያውቁት ሰው ሲመጣ «ከየት ነህ?» የሚለው ጥያቄ እንደ ድሮው ቀላል አይደለም። እንግዳን ሳይጠረጥር፣ ሳያሞግስም፣ ዝም ብሎ ሻንጣውን ተደግፎ ሲያንቀላፋ የሚያሳየን ጽሑፍ ያስፈልገናል። ባቡሩ እስኪመጣ መጠበቅ የለበትም።