ሰዋስው በኮምፒዩተር ፊት፦ ስለ ቋንቋና መኪና በተጻፉ መጻሕፍት ላይ የቀረበ ሂስ

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ ወደ ደሴ የሚያመራው ጎዳና በጣርማ በር ዋሻ ውስጥ አልፎ ወደ ደብረ ሲና ማቆልቆል ሲጀምር የአየሩ ጠባይና የሰብሉ ዓይነት ይለወጣል፤ የሰው አንደበትም አብሮ ይለወጣል። ከላይ በደጋው የመንዝ አማርኛ ይሰማል። ቁልቁለቱ አልቆ ሸዋ ሮቢት ከታለፈ በኋላ ደግሞ በሰንበቴ የእሑድ ገበያ አማራው፣ ኦሮሞው፣ አፋሩና አርጎባው ተገናኝተው፣ እንደ ገዢውና እንደ ሻጩ ማንነት ቋንቋ እየለወጡ ይገበያያሉ። ቋንቋን በኮምፒዩተር ስለማስተናገድ የተጻፉትን መጻሕፍት ለመመዘን ከዚህ ቁልቁለት የተሻለ ሚዛን ማግኘት አስቸጋሪ ይመስለናል። መጽሐፎቹ ለእንግሊዝኛ ምን እንደሚያደርጉ ደራስያኑ ራሳቸው በሰፊው ነግረውናል፤ የይፋት ቆላ ቋንቋዎች በቀረቡላቸው ጊዜ ምን እንደሚሆኑ መጠየቅ የእኛ ፈንታ ነው።

ጥያቄው የቅንጦት አይደለም። የጉግል የትርጉም አገልግሎት አማርኛን የጨመረው እ.ኤ.አ. በ2016 ነው። ኦሮምኛ በ2022፣ አፋርኛ በ2024 ተከተሉት። ከአራቱ ሕዝቦች ቋንቋዎች በሦስቱም ዙሮች የቀረው አርጎብኛ ብቻ ነው። የዛሬው አሠራር የቆመው በጽሑፍ ክምር ላይ ስለሆነ፣ ብዙ ጽሑፍ ያለው ቋንቋ ይቀድማል፤ ጥቂት ያለው ይዘገያል፤ ከነጭራሹ የሌለው ከበር ይመለሳል። ይህ ሂስ የሚያተኩረው የመስኩ ዋና ዋና መጻሕፍት ይህን አሠራር ሲያስተምሩን በመንገድ ላይ ምን ጥለው እንደሄዱ በሚለው ነጥብ ላይ ነው።

የመስኩ ታሪክ ረጅም አይደለም። እ.ኤ.አ. በጥር 1954 የጆርጅታውን ዩኒቨርሲቲና አይቢኤም በ250 ቃላትና በ6 የሰዋስው ሕጎች የሩስያኛ ዓረፍተ ነገሮችን ወደ እንግሊዝኛ ሲመልሱ ባሳዩ ጊዜ፣ ችግሩ በጥቂት ዓመታት የሚፈታ መስሎ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1966 አሜሪካ ውስጥ የወጣው የአልፓክ ዘገባ ያን ተስፋ አቀዘቀዘው። ከዚያ ወዲህ ከተጻፉት መጻሕፍት መካከል በየዩኒቨርሲቲው እንደ መማሪያ የታወቀው፣ የዳንኤል ጁራፍስኪና የጄምስ ማርቲን ስለ ንግግርና ስለ ቋንቋ ሂደት የሚያስተምረው መጽሐፍ ነው፤ የመጀመሪያ እትሙ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2000 ነው። ሰፊ፣ ግልጽ፣ ለተማሪ የሚራራ መጽሐፍ መሆኑን መመስከር ይገባል። በመጀመሪያዎቹ ሁለት እትሞች ሦስተኛው ምዕራፍ የቃልን ውስጣዊ አሠራር ይመለከታል። ፊደልን አንድ በአንድ እያነበበ ከአንዱ ሁኔታ ወደ ሌላው የሚሸጋገር፣ በተሸጋገረም ቁጥር የትንታኔውን ምልክት የሚጽፍ ረቂቅ መኪና እንዴት እንደሚሠራ ያብራራል። የሴም ቋንቋዎች ነገር ሲነሣም የዕብራይስጡን «ል-ም-ድ» ሥር፣ ማለትም የእኛን «ለመደ» ወንድም፣ ያሳይና ያልፋል። ለእንግሊዝኛ አንባቢ ይህ የእንግዳ አገር ትርኢት ነው። ለእኛ ግን የቤቱ ምሰሶ ነው።

ደራስያኑ ለሦስተኛው እትም ባዘጋጁት ረቂቅ ውስጥ ያ ምዕራፍ በቀድሞ መልኩ የለም። በስፍራው የገባው፣ አዘውትረው ጎን ለጎን የሚገኙ ፊደላትን እየቆጠረና እያጣመረ ቃልን ወደ ቁርጥራጭ የሚለውጥ ዘዴ ነው። ዘዴው ሥር ምን እንደሆነ፣ ቅጥያ ምን እንደሆነ አይጠይቅም፤ ይቆጥራል እንጂ። እ.ኤ.አ. በ1999 የታተመው የክሪስቶፈር ማኒንግና የሂንሪክ ሹትዘ የስታትስቲክስ መጽሐፍም ቀደም ብሎ አንባቢውን ወደዚሁ መንገድ መርቶት ነበር። ግሡ በጥቂት ቅርጾች ብቻ ለሚለዋወጠው ለእንግሊዝኛ ጉዳቱ ቀላል ነው። የእኛ ግሥ ግን ሌላ ፍጥረት ነው።

«ስላልተሰባበሩብንም» የሚለውን አንድ ቃል እንውሰድ። ሥሩ ስ-ብ-ር ነው። መካከለኛው የሥር ድምፅ «ባ» ሆኖ መደገሙ ድርጊቱ የተደጋገመ መሆኑን ይነግረናል። «ተ» ተደራጊነቱን፣ «አል» አፍራሽነቱን፣ «ስለ» ምክንያትነቱን፣ ከ«ር» ጋር የተዋሐደው «ኡ» ባለቤቶቹ ብዙ መሆናቸውን፣ «ብን» ነገሩ የሚነካው እኛን መሆኑን፣ የመጨረሻው «ም» ደግሞ ጭማሪነቱን ያመለክታሉ። እንግሊዝኛ ይህን ለማለት ሙሉ ሐረግ ይፈልጋል። ቃላችንን ያለ ሰዋስው በቁጥር ብቻ የሚቆራርጥ መኪና ትክክለኛውን መገጣጠሚያ የሚያገኘው እንዲህ ያሉ ቃላትን በብዙ ሺህ ጊዜ ካየ ነው። በአማርኛ ምናልባት ያያቸው ይሆናል። በአርጎብኛ ከየት ያመጣቸዋል?

እንዲህ ዓይነቱ ትንታኔ ከባሕር ማዶ የመጣልን አይደለም። በቅኔ ቤት ግሥ የሚያወርድ ተማሪ እንደ ቀተለ፣ ቀደሰና ባረከ ያሉትን አርእስተ ግሥ አስቀድሞ ያጠናል፤ አዲስ የገጠመውንም ግሥ በየራሱ ቤት መድቦ በዚያው መልክ ያረባል። ዛሬ በኮምፒዩተር ሳይንስ ክፍል የግሥ ምድብ ተብሎ የሚጻፈው ሠንጠረዥ ከዚህ እምብዛም አይለይም። በ1987 ዓ.ም. የታተመው የፕሮፌሰር ባዬ ይማም «የአማርኛ ሰዋስው» ይህንኑ ነባር ዕውቀት በዘመናዊ የሥነ ልሳን መነጽር ያየ ሥራ ነው። መጽሐፉ ስለ ኮምፒዩተር አይናገርም፤ ነገር ግን ሥርዓቱን ለመኪና መንገር የሚሻ ሰው ከየት እንደሚጀምር ከብዙዎቹ የኮምፒዩተር መጻሕፍት ይልቅ የሚያሳየው እርሱ ነው።

የዚህ አባባል ማስረጃ በተግባር ታይቷል። የኢንዲያና ዩኒቨርሲቲው ማይክል ጋሰር እ.ኤ.አ. በ2011 ባቀረቡት ጥናት «ሆርንሞርፎ» የተባለውን፣ የአማርኛን፣ የኦሮምኛንና የትግርኛን ቃላት የሚተነትን ፕሮግራም አስተዋወቁ። ፕሮግራሙ የተሠራው ያ ከመማሪያ መጽሐፉ የወጣው ረቂቅ መኪና ባለበት ስልት ነው። ከ1,800 የሚበልጡት የአማርኛ የግሥ ሥሮቹ ደግሞ የተቀዱት ከዶክተር አምሳሉ አክሊሉ የአማርኛ እንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት ነው፤ እርሱም እ.ኤ.አ. በ1987 በኩራዝ የታተመ ነው። በ200 የአማርኛ ግሦች ተፈትኖ የሳተው ሁለቱን ብቻ ነበር። ፈተናው ትንሽ መሆኑ አይካድም። ቢሆንም አንድ መዝገበ ቃላት አዘጋጅ ቃል በቃል ያጠራቀመው ሀብት፣ ከሩብ ምዕተ ዓመት በኋላ የመኪናው አእምሮ ሆኖ መገኘቱን ልብ ይሏል። መዝገበ ቃላትን እንደ ደረቅ የቢሮ ሥራ የሚቆጥሩ ጸሐፍት ይህን ቢያሰላስሉት አይከፋም።

ከዚሁ ጋር ስለ ጽሑፍ ክምሩ ጥራት አንድ ነገር መነሣት አለበት። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የኢትዮጵያ ቋንቋዎች ጥናትና ምርምር ማዕከል 1,065 የዋልታ ኢንፎርሜሽን ማዕከል ዜናዎችን ወስዶ፣ 210,000 ያህል ቃላት የየቃል ክፍላቸው በእጅ እንዲመለከትባቸው አድርጓል። ውጤቱም እ.ኤ.አ. በ2006 ቀርቧል። ድካሙ የሚመሰገን ነው፤ ብዙ ተመራማሪዎችም ተጠቅመውበታል። ሆኖም በዚህ ጽሑፍ የሠለጠነ መኪና የሚያውቀው አማርኛ የስብሰባና የመግለጫ አማርኛ ነው። የሸዋ ሮቢት ማሽላ አብቃይና የደብረ ሲና ነጋዴ ሲነጋገሩ የሚሉትን አያውቅም። እ.ኤ.አ. በ2005 የቀረበው የሰሎሞን ተፈራ የንግግር ክምችትም ወደ 20 ሰዓት የሚጠጋ ንባብ የያዘ ሲሆን፣ አብዛኞቹ አንባብያን የአዲስ አበባን አነጋገር የሚናገሩ ናቸው። የመንዝ አማርኛ ራሱን የቻለ አነጋገር መሆኑን ግን ሀብተ ማርያም ማርቆስ ከጎጃም፣ ከጎንደር፣ ከወሎና ከአዲስ አበባ ጋር አነጻጽረው የጻፉት እ.ኤ.አ. በ1973 ነበር። ሥነ ልሳኑ ቀድሞ ሄዶ ነበር፤ መኪናው ወደ ኋላ ቀረ።

ፊደላችን በዚህ ነገር ውስጥ ያለው ስፍራ ለብቻው ሊታይ የሚገባው ነው። የግዕዝ ፊደል በዓለም አቀፉ የዩኒኮድ ሠንጠረዥ የገባው እ.ኤ.አ. በ1999 በወጣው በሦስተኛው እትም ነው። «ሀ» 4608 የተባለ ቁጥር ተሰጠው፤ እያንዳንዱም ቤት ስምንት ስምንት ስፍራ ያዘ። «ሰ» 4656 ነው፣ «ስ» 4661። ሁለቱንም ለስምንት ብናካፍል 582 ይደርሳል፤ የመጀመሪያው ቀሪ የለውም፣ የሁለተኛው ቀሪ 5 ነው። ድርሻው ተነባቢውን፣ ቀሪው አናባቢውን ይነግረናል ማለት ነው። አባቶች በገበታ ላይ የደረደሩት ሥርዓት በቁጥሩ ውስጥ ሳይፈርስ ቆሟል፤ ሥርን ከአናባቢ ለመለየትም በር ይከፍታል። ቆጣሪው ዘዴ ግን ይህን በር አያንኳኳም። ለእርሱ ሰ እና ስ እንደ ማንኛውም ሁለት ምልክት ባዕድ ናቸው። በተለመደው የዩቲኤፍ 8 አጻጻፍም አንድ የእንግሊዝኛ ፊደል በአንድ ባይት ሲያልፍ የእኛ አንድ ፊደል ሦስት ይፈልጋል።

በሞክሼ ፊደላት ላይ የሚፈጸመው ደግሞ የሥነ ጽሑፍን ሰው ዝም የሚያሰኝ አይደለም። ከአማርኛ ጽሑፍ ጋር የሚሠሩ ብዙ ፕሮግራሞች ሥራቸውን የሚጀምሩት ሐንና ኀን ወደ ሀ፣ ሠን ወደ ሰ፣ ዐን ወደ አ፣ ፀን ወደ ጸ በመለወጥ ነው። ምክንያታቸው ይገባናል፤ ጸሐፊው ሁሉ እንዳሻው ስለሚጽፍ አንዱ ቃል በአምስት መልክ ይበተናል። ነገር ግን ድኅነትና ድህነት አንድ ሲሆኑ የዳነውና የደኸየው አንድ ይሆናሉ፤ ሠረቀና ሰረቀ ሲቀላቀሉ የወጣችው ፀሐይ ሌባ ትባላለች። ይህን የተግባር አማራጭ ለአማርኛ እንኳ ብንታገሠው፣ ሐንና ሀን፣ ዐንና አን በድምፅ ለሚለየው ለትግርኛ ሊሠራ አይችልም። አማርኛ የጣላቸውን የጉሮሮ ድምፆች በብዙ ቃላት ጠብቆ ላቆየው ለአርጎብኛም የአማርኛውን ማጣሪያ እንዳለ ማዋስ ያተረፈውን ቅርስ መቀማት ነው።

ሌላው ፊደላችን የማይጽፈው ማጥበቅና ማላላት ነው። «ይበላል» ሲላላ በዪውን፣ ሲጠብቅ የሚበላውን ይናገራል። «በሬን ሸጥሁት» ያለ ሰው የሸጠው የሚያርስበትን እንስሳ ይሁን የቤቱን መዝጊያ ጽሑፉ ብቻውን አይፈርድም። ሆርንሞርፎ ለአንድ ቃል የሚቻሉትን ትንታኔዎች ሁሉ ደርድሮ ያቀርባል፤ ከመካከላቸው አይመርጥም። ተቺዎች ይህን እንደ ጉድለት ሲቆጥሩት ሰምተናል፤ ለተርጓሚ መኪና በእርግጥ ጉድለት ነው። ለቅኔ አንባቢ ግን ኅብረ ቃሉን ፈትቶ ሰሙንም ወርቁንም እንደሚያወጣ ደቀ መዝሙር ያለ አገልግሎት ነው። በክምር የሠለጠነው መኪና አዘውትሮ ያየውን ትርጉም ይመርጥና ሌላውን ይጥላል። አዘውትሮ የሚታየው ሰሙ ነው።

አሁን ወደ አርጎብኛ እንመለስ። በይፋት የሚኖረው አርጎባ በብዛት ወደ አማርኛና ወደ ኦሮምኛ ዞሯል፤ ቋንቋው በተሻለ ጥንካሬ የሚነገረው ከዚያ በስተሰሜን በሾንኬና በጦለሃ ነው። የጽሑፍ ክምር እስኪከማችለት ይጠብቅ ማለት አይገናኝህ እንደ ማለት ነው። ሰዋስዉ ግን ተጽፏል። ቮልፍ ሌስላው እ.ኤ.አ. በ1997 ሰዋስውና መዝገበ ቃላት በእንግሊዝኛ አሳተሙ። «ዘመናዊ የአማርኛ ሰዋስው በቀላል አቀራረብ» በተባለው በ1989 ዓ.ም. መጽሐፋቸው በመምህራን ዘንድ የታወቁት ጌታሁን አማረ የዶክትሬት ጥናታቸውን የሠሩት በጦለሃ አርጎብኛ ላይ ነው፤ እርሱም በእንግሊዝኛ ነው። አንድሪያስ ቬተር የሾንኬንና የጦለሃን አነጋገር የተነተኑበት ጥራዝ እ.ኤ.አ. በ2010 በጀርመንኛ ወጣ። ከእነዚህ ሥሮቹን ለቅሞ፣ የግሥ ቤቶቹን ለይቶ፣ ለአማርኛ በተሠራው ስልት ትንሽ ተንታኝ መሥራት ለጥቂት ሰዎች የጥቂት ዓመታት ሥራ ነው፤ የጽሑፍ ተራራም አይጠይቅም። የሚጠይቀው በሾንኬና በጦለሃ የሚኖሩ ተናጋሪዎች ከሥራው ጋር እንዲቀመጡና የተጻፈውን እንዲያርሙ ነው። ለዚህም መጀመሪያ ሊያነብቡት ይገባል። የቬተር የግሥ ርባታ ሠንጠረዦች ግን የሚገኙት ከጀርመንኛ ማብራሪያቸው ጋር፣ ኮሎኝ በታተመው ጥራዝ ውስጥ ነው።