በደቡብ ኦሞ ያልተከፈለ ብድር ስለሚመለስበት ሥርዐት የቀረበ ትችት

ብድር ወስዶ በቀኑ ያልመለሰ ሰው ሁሉ ከዳተኛ ነውን? ጥያቄው ቀላል መስሎ ይታያል፤ ነገር ግን በጂንካና በአካባቢዋ ያለ የቁጠባና ብድር ማኅበር ቢጸና ወይም ቢፈርስ በመልሱ ነው። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ዕዳ የማስከፈያው ሥርዐት መክፈል ያቃተውን መክፈል ካልፈለገው ሳይለይ አንድ መድኀኒት ማዘዙን መንቀፍ ነው።

በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 97 ገንዘቡ በጊዜው ያልተከፈለው ባንክ ለባለዕዳው ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ በመያዣ የያዘውን ንብረት ራሱ በሐራጅ እንዲሸጥ ፈቀደ። ሙግት ለሚጓተትበት አገር ይህ በቂ ምክንያት ያለው ነው፤ ለከተማ ቤትም ይስማማል። በደቡብ ኦሞ ግን ነገሩ ሌላ ነው። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ስለ ሆነ የማይሸጥ የማይለወጥ ነው፤ የአርብቶ አደሩም ሀብት ከብቱ ነው። አዋጅ ቁጥር 1147/2011 ከብትንም በመያዣነት መቀበሉ ስለዚህ የሚመሰገን እርምጃ ነው።

ይሁን እንጂ ከብት እንደ ቤት በአንድ ቦታ ቆሞ የሚገኝ አይደለም። ሐመሮች «ቤል» ከሚሉት የቃል ኪዳን ወዳጅ ጋር ከብት ይሰጣጣሉ፤ ይኸውም በሽታ ወይም ድርቅ አንዱን በረት ቢመታ ሌላው እንዲተርፍ ነው። ስለ ዳሰነቾችም ኡሪ አልማጎር እ.ኤ.አ. በ1978 ባሳተመው መጽሐፍ ይህን የመሰለ የወዳጅነት ትስስር በሰፊው ገልጧል። እንግዲህ በአንድ ሰው በረት የቆመችው ላም የሌላ ሰው መብት ሊኖርባት ይችላል፤ የእርሱም ሀብት ከወዳጆቹ ዘንድ ተበትኗል። ሐራጁ የሚሸጠው የማንን ነው?

ጊዜውም ሌላ ችግር ነው። ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. በደቡብ ኢትዮጵያ ቆላ ዝናብ በተከታታይ ሲቀር ከብት አለቀ። በእንዲህ ያለ ወራት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ቢሰጥ የከሳው በሬ በርካሽ ይሸጣል፤ በሬው ይሄዳል፣ ዕዳው ይቀራል።

የጋራ ዋስትናም ፈውስ ሊሆን አልቻለም። እ.ኤ.አ. በ1997 የተቋቋመውና በኋላ ወደ ባንክነት ያደገው የኦሞ ማይክሮፋይናንስ መያዣ ለሌላቸው ሰዎች በቡድን ዋስትና ያበድር ነበር። አንዱ ሲወድቅ ሌሎቹ ያነሡታል፤ ድርቅ ግን ተበዳሪውንና ዋሱን አብሮ ይጥላል።

ታዲያ ዕዳው ይማር ማለት ነውን? አይደለም። ብድር በምድር እንዲሉ፣ የተበደረ መክፈል አለበት። በማኅበር ሣጥን ያለው ገንዘብ የአባላት ቁጠባ ስለ ሆነ፣ ለአንዱ የተደረገው ምሕረት ከሌላው ኪስ ይወጣል። ሳንቲም በሳንቲም ያጠራቀመች ባልቴት ሳትጠየቅ ለጋስ መደረግ የለባትም። ራይፋይዘን እ.ኤ.አ. በ1864 በጀርመን አገር የብድር ማኅበሩን ሲያቋቁም የተመካው አባላቱ እርስ በርሳቸው በመተዋወቃቸው ነበር። በደቡብ ኦሞም ይህ ዕውቀት ሞልቷል፤ የማን ከብት እንደ ሞተ፣ የማንስ እንደ ተሸሸገ ጎረቤት ያውቃል።

የኅብረት ሥራ ማኅበራት ሕግም በአዋጅ ቁጥር 147/1991፣ በኋላም በአዋጅ ቁጥር 985/2009 ለዕርቅና ለግልግል ዳኝነት በር ከፍቷል። በዚህ በር መግባት ይገባል። መጀመሪያ፣ ስለ ሐራጅ ከመነገሩ በፊት ሽማግሎች ከማኅበሩ ሒሳብ መርማሪ ጋር ሆነው የጉዳቱን እውነት በጽሑፍ ያረጋግጡ። ሁለተኛ፣ ከብቱ ላለቀበት ክፍያው ዝናብ እስኪመለስ ይተላለፍለት፣ ወለዱም እስከዚያው ይቁም፤ ዕዳ የሚሰረዘው ግን በጠቅላላ ጉባኤ ድምፅ ብቻ ይሁን። ሦስተኛ፣ እያለው የደበቀ ሰው በሕጉ ይጠየቅ።

ሽማግሌ ለዘመዱ ያዳላል የሚል ተቃውሞ ይነሣ ይሆናል። ተቃውሞው እውነትነት አለው፤ ስለዚህ ውሳኔው በአባላት ፊት ይነበብ፣ ቅር የተሰኘም ይግባኝ ይበል። ባንኮችም ቢሆኑ ለቆላው ተበዳሪ ማስጠንቀቂያ ከመጻፋቸው በፊት ይህን ምርመራ ቢያስቀድሙ ይጠቀማሉ እንጂ አይጎዱም፤ ከብቱ ከነዘሩ ያለቀበት ሰው ነገ ተመልሶ የሚበደርም ሆነ የሚቆጥብ ደንበኛ አይሆንምና።