የአቀናባሪው ድርሻ በሲኒማ፤ ስለ ወይዘሮ አን ኮትስ ሥራ

ስለ ፊልም በምንጽፈው ሂስ ሁሉ የዲሬክተሩ ስም ይነሣል፤ የተዋንያኑም ስም ይዘረዘራል። የተቀረጸውን ፊልም መርጦ፤ ቈርጦና ቀጥሎ ለተመልካች የሚያበቃው አቀናባሪ (ኤዲተር) ግን ይዘነጋል። በዚህ አጭር ጽሑፍ የእንግሊዛዊቷን አቀናባሪ የወይዘሮ አን ኮትስን ሥራ በመመርመር፤ ይህ ዝንጋታ ፍርዳችንን እንዴት እንደሚያጐድለው ለማሳየት እሞክራለሁ። ዓመታቱ በአውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።

ወይዘሮ ኮትስ በ1925 ተወልደው፤ በወጣትነታቸው በነርስነት አገልግለዋል። ከዚያም ወደ ፊልም ሥራ ገብተው በ1952 የወጣውን «ፒክዊክ ፔፐርስ» አቀናበሩ። ዓለም ያወቃቸው ግን ዴቪድ ሊን ዲሬክተር በሆነበት በ1962 «ሎሬንስ ኦቭ አረቢያ» ነው፤ በዚሁም ሥራ የኦስካርን ሽልማት አገኙ።

በዚህ ፊልም ሁሉም የሚያደንቀው አንድ ቦታ አለ። ሎሬንስ በካይሮ ቢሮ ውስጥ የሚነደውን ክብሪት ትክ ብሎ አይቶ እፍ ይለዋል፤ በዚያው ቅጽበት ፀሐይ ያልወጣችበት የበረሃ አድማስ ይታያል። አስቀድሞ የታሰበው አንዱ ሥዕል ቀስ በቀስ እየደበዘዘ ሌላው እንዲተካው ነበር። በሥራ ቅጂው ላይ ግን ሁለቱ እንዲሁ ተቀጥለው ስለ ነበር፤ አቀናባሪዋም ዲሬክተሩም ባዩት ጊዜ ወደዱት። ሊን ጥቂት እንዲያስተካክሉት ሲጠይቋቸው ሁለት ፍሬም ብቻ እንደ ቀነሱ እርሳቸው ራሳቸው ተናግረዋል። ይህም የሴኮንድ አንድ ዐሥራ ሁለተኛ ያህል ነው።

ስለዚህ ቦታ የሚጻፈው ብዙው ስለ ፍጥነቱ ነው። በእኔ አስተያየት ግን ዋናው ነገር ትርጕሙ ነው። ሰውየው እፍ ሲል በረሃው በትእዛዙ የመጣ ይመስላል፤ ዓለም ለፈቃዴ ይገዛል የሚለው የሎሬንስ ትዕቢት በቃል ሳይነገር ይታወቃል። ከዚያ በኋላ ደግሞ ሥዕሉ ቶሎ አይለወጥም፤ ፀሐይዋ በዝግታ እስክትወጣ ድረስ እንጠብቃለን። እንግዲህ ብልኀቱ የት እንደሚቈረጥና የት እንደሚታገሡ በማወቅ ነው።

ከ36 ዓመት በኋላ በስቲቨን ሶደርበርግ «አውት ኦቭ ሳይት» (1998) ወይዘሮ ኮትስ ፈጽሞ ሌላ መንገድ ያዙ። ወንበዴውና ሕግ አስከባሪዋ በዲትሮይት ሆቴል መጠጥ ቤት ተቀምጠው ሲነጋገሩ፤ ንግግራቸው ሳይቋረጥ በኋላ በመኝታ ክፍል የሚሆነው በመካከሉ እየገባ ይታያል። ፍላጎታቸውና ፍጻሜው በአንድ ጊዜ ስለሚታዩ፤ ጊዜ እንደሌላቸው እንረዳለን። በሁለቱ ፊልሞች የሚታየው አንድ ዓይነት ስልት አይደለም፤ የእያንዳንዱን ታሪክ ጠባይ የመለየት ችሎታ ነው።

«ይህ የአቀናባሪዋ ነው ወይስ የዲሬክተሩ?» የሚል ተቃውሞ ይነሣ ይሆናል። ድርሻቸውን በየቦታው ለይቶ መመደብ በእርግጥ አይቻልም። ነገር ግን መለየት ስላልቻልን ሁሉን ለአንዱ መስጠት ፍርድ አይሆንም። በሌላ በኩልም የአቀናባሪን ኀይል ማጋነን አይገባም፤ ወይዘሮ ኮትስ ከሌሎች ሁለት አቀናባሪዎች ጋር የሠሩበትና በ89 ዓመታቸው የወጣው «ፊፍቲ ሼድስ ኦቭ ግሬይ» (2015) ደካማ ሆኖ ቀርቷል። ካሜራው ያልቀረጸውን ስሜት መቀስ አይፈጥረውምና።

ወይዘሮ ኮትስ በ2016 የክብር ኦስካር ተሰጥቷቸው በ2018 ዐረፉ። ስለዚህ እኛም ሂስ ስንጽፍ፤ ታሪኩንና ትወናውን ከመተቸት ጋር፤ ሥዕሉ ስለ ምን እዚህ ላይ እንደ ተቈረጠ እንጠይቅ፤ የቈረጠውንም ሰው በስሙ እንጥራ።